ታሪኩ አለቀ፣ አሁን ምን ልሥራ? በአይስቦርን ከሻራ ኢሽቫልዳ እስከ ፋታሊስ

«ሻራ ኢሽቫልዳን ገደልኩ፣ አሁን ምን ልሥራ?» አውሬ የማደን ጨዋታ የሆነውን ሞንስተር ሀንተር ዎርልድ አይስቦርንን የጀመረ ሰው ሁሉ፣ የታሪኩን የመጨረሻ አውሬ ሻራ ኢሽቫልዳን ሲገድል፣ ይቺን ጥያቄ ይዞ ይመጣል። ትንሽ ሰንበት ብሎ ሁለተኛዋ ትከተላለች፦ «ማስተር ራንኬ 60 ገብቷል፣ ግን አሁንም ሁለት ምት ካረፈብኝ አለቀልኝ፣ አውሬውም አልሞት ይለኛል። ምን ጎደለኝ?» ለእያንዳንዱ ሰው ለየብቻ ከምመልስ አንድ ጊዜ በደንብ ልጻፈው ብዬ ነው።

ከሁሉ በፊት አንድ ነገር ያዙልኝ። የማስተር ራንክ (የጨዋታው ከፍተኛ ደረጃ) ቁጥር ጉልበት አይሰጥም። ራንኩ 24 የሆነና 124 የሆነ አዳኝ አንድ ዓይነት ትጥቅ ለብሰው አንድ ዓይነት መሣሪያ ከያዙ ምታቸውም እኩል ነው፣ የሚችሉት ምትም እኩል ነው። ቁጥሩ በር ይከፍታል፣ ከዚያ ውጭ ሥራ የለውም። ጉልበቱ ያለው መሣሪያው፣ ስኪሉ (ትጥቁ የሚሰጠው ችሎታ) እና እጃችሁ ላይ ነው። ደረጃዎቹን በቅደም ተከተል ያስቀመጥኳቸው ለዚህ ነው። አንዱን ዘላችሁ ወደ ሌላው ከሄዳችሁ የሚያቃጥላችሁ ጊዜ ብዙ ነው።

ከመጀመራችሁ በፊት የሚያስፈልጓችሁ

- ታሪኩን መጨረስ። ጋይዲንግ ላንድስ (የማሻሻያ ቁሳቁስ የሚገኝበት የአደን ሜዳ) የሚከፈተው ከዚያ በኋላ ነው።
- ቢያንስ ነጭ ስለት ያለው አንድ ዋና መሣሪያ።
- አምስቱም ቁራጭ የማስተር ራንክ ትጥቅ። የሃይ ራንክ (ከማስተር ራንክ በታች ያለው ደረጃ) ትጥቅ እዚህ አያዋጣም።
- ቦርሳ ውስጥ 10 ፖሽን፣ 10 ሜጋ ፖሽን፣ 10 ማር፣ 2 ማክስ ፖሽን፣ 1 ኤንሸንት ፖሽን።
- ነልቤሪ (እንደ እሳት ያለውን ጉዳት የሚያስወግድ ፍሬ) እና አስቴራ ጀርኪ (ጤና የሚመልስ ደረቅ ሥጋ)።
- ቴምፖራል ማንትል (ምት የሚያስመልጥ ካባ)፣ ካላችሁም ሮክስቴዲ ማንትል (ምት ሲያርፍ የማያስወድቅ ካባ)።
- ቪጎርዋስፕ ስፕሬይ (ጤና የሚመልስ መሣሪያ) የያዘ ፓሊኮ (ድመት የሆነው ረዳታችሁ)።

ማሩ ለምን ብላችሁ እንደሆነ፣ ሜዳ ላይ ፖሽንና ማር ሲቀላቀሉ ሜጋ ፖሽን ይሆናሉ። ሜጋ ፖሽኑ ሲያልቅ ወደ ካምፕ መመለስ ሳያስፈልግ ሌላ 10 በእጃችሁ አለ ማለት ነው። በፈጣን ምርጫው ክብ ላይ ማቀላቀያውን ቀድማችሁ አስገቡት፣ አውሬው እያሳደዳችሁ ሜኑ ውስጥ መፈለግ አይመችም።

ደረጃ 1፦ አንድ መሣሪያ ምረጡና እሱ ላይ ቆዩ

በታሪኩ ውስጥ ሦስት አራት ዓይነት መሣሪያ እየቀያየሩ መሄድ ይቻላል። ከዚህ በኋላ ግን እያንዳንዱ መሣሪያ ማሻሻያ ይፈልጋል፣ ማሻሻያው ደግሞ ከባድ የሆኑ ቁሳቁሶችን ይበላል። አንዱን ያዙ። ሁለተኛው ሲደርስ ይደርሳል።

ስትመርጡ ከጥቃት ቁጥሩ ቀጥሎ የምታዩት ስለቱን ይሁን። ሰማያዊ ስለት ጥቃቱን በ1.20፣ ነጭ በ1.32፣ ሐምራዊ ደግሞ በ1.39 ያባዛዋል። ከሰማያዊ ወደ ነጭ መዝለሉ ብቻ 10 በመቶ የጥቃት ጭማሪ ነው። በሰማያዊ ስለት የቆየ ሰው ይህን ሁሉ ሜዳ ላይ ጥሎት ነው የሚዋጋው። ስለቱ ሲደነዝዝ ቶሎ መሳልም ለዚሁ ነው።

ለጀማሪ ሁለት መንገድ እመክራለሁ። አንዱ ናርጋኩጋ ከሚባለው አውሬ የሚሠራው የመሣሪያ ዛፍ (የማሻሻያ መስመር) ነው፤ የራሱ ከፍ ያለ አፊኒቲ (ምት ክሪቲካል፣ ማለትም ከተለመደው የበረታ፣ የመሆን ዕድል) ስላለው ትጥቃችሁ ገና ባይሟላም ክሪቲካል ይመታል። ሌላው የብራኪዲዮስ ዛፍ ነው፤ ጥቃቱ ከባድ ነው፣ ፍንዳታም አለው። ሁለቱም አውሬዎች በተደጋጋሚ ለመታደን የሚመቹ ናቸው።

ዲፌንደር የሚባሉት መሣሪያዎች እስከ ማስተር ራንክ በር ድረስ በፍጥነት ለማድረስ የተሠሩ ናቸው። ከዚያ አያልፉም። እነሱን ይዞ እዚህ የደረሰ ሰው መጀመሪያ መጣል ያለበት እነሱን ነው።

ደረጃ 2፦ ትጥቁን በሂሳብ ሥሩት

ብዙ ሰው አታክ ቡስት የሚለውን ስም ሲያይ ልቡ ይሄዳል። እስኪ አብረን እናስላው።

እውነተኛ ጥቃቱ 300 የሆነ መሣሪያ ይዛችኋል እንበል። አታክ ቡስት ደረጃ 7 የሚጨምርላችሁ 21 ጥቃትና 5 በመቶ አፊኒቲ ነው። 21 ከ300 ላይ 7 በመቶ ነው። ክሪቲካል አይ ደረጃ 7 ደግሞ 40 በመቶ አፊኒቲ ይሰጣል። አንድ ክሪቲካል ምት ያለ ምንም ስኪል 25 በመቶ ይጨምራል፣ ክሪቲካል ቡስት ደረጃ 3 ካለ ግን 40 በመቶ። ስለዚህ ከ100 ምት 40ው በ40 በመቶ ከፍ ብሎ ያርፋል፣ በአማካይ 16 በመቶ ጭማሪ ማለት ነው። የአታክ ቡስቱ 5 በመቶ አፊኒቲም በዚሁ ስሌት 2 በመቶ ገደማ ይጨምራል፣ ድምሩ 9 በመቶ ገደማ ነው። የወጣው ስኪል እኩል 7 ነጥብ ሆኖ 16 ከ9 በጣም ይበልጣል።

አሁን የሚከተለውን ድምር ተመልከቱ፣ ቢልዳችሁ (የመሣሪያ፣ የትጥቅና የስኪል ቅንብራችሁ) የሚቆመው እዚህ ላይ ነው።

- ክሪቲካል አይ ደረጃ 7፦ 40 በመቶ
- ዊክነስ ኤክስፕሎይት ደረጃ 3፦ ስስ ቦታ ላይ 30 በመቶ፣ ቦታው በክላች ክሎው (አውሬው ላይ በምትጣበቁበት መንጠቆ) ከቆሰለ 50 በመቶ
- የመሣሪያው የአፊኒቲ ማሻሻያ፦ 10 በመቶ

40 እና 50 እና 10 ሲደመር 100 ነው። የቆሰለ ስስ ቦታ ላይ እያንዳንዱ ምታችሁ ክሪቲካል ይሆናል። ከ100 ያለፈ አፊኒቲ ደግሞ ብክነት ነው። የናርጋኩጋ መሣሪያ የያዘ ሰው የራሱ አፊኒቲ ስላለው ክሪቲካል አይን ቀንሶ ቦታውን ለአታክ ቡስት ወይም ለአጂቴተር ሊሰጠው ይችላል። አጂቴተር የሚሠራው አውሬው ሲቆጣ ነው፣ እዚህ ደረጃ ላይ ደግሞ አውሬዎቹ ከማይቆጡበት የሚቆጡበት ጊዜ ይበዛል።

ከየት ታገኙታላችሁ? የጋሩጋ እግር ትጥቅ ቤታ ፕላስ ለክሪቲካል አይ ከሁሉ ቶሎ የሚደረስበት ነው። የቴዮስትራ ትጥቅ ማስተርስ ተች ይሰጣል፣ ክሪቲካል የመታ ምት ስለት አይበላም። ለነጭና ለሐምራዊ ስለት ይህ ትልቅ ነገር ነው፤ ስለታችሁ አጭር ከሆነ ሃንዲክራፍት (ስለት የሚያስረዝም ስኪል) ጨምሩበት። ከአንድ አውሬ አምስት ቁራጭ መልበስ ግዴታ አይደለም፣ ማቀላቀል ነው ጥበቡ።

ደረጃ 3፦ ሄልዝ ቡስት 3ን ዛሬውኑ አስገቡ

ይህን ለብቻው ደረጃ ያደረግኩት ሰው ሁሉ ስለሚዘለው ነው። የባዶ ጤናችሁ 100 ነው። ከምግብ በኋላ 150 ይሆናል። ሄልዝ ቡስት 3 ሌላ 50 ጨምሮ 200 ያደርሰዋል። አውሬው 160 የሚያወርድ ምት ሲያሳርፍባችሁ በ150 ትወድቃላችሁ፣ በ200 ግን ትነሣላችሁ፣ ትጠጣላችሁ፣ ትቀጥላላችሁ። ቫይታሊቲ ጁዌል (ሄልዝ ቡስትን የሚሰጥ፣ ትጥቅ ቀዳዳ ላይ የሚገባ ጌጥ) ትንሹ መጠን ስለሆነ የትኛውም ቀዳዳ ላይ ይገባል፣ ሦስት ብቻ ነው የሚፈለገው። ለሦስት ትንንሽ ቀዳዳ ይህን ያህል የሚመልስ ሌላ ስኪል አላውቅም።

ማስጠንቀቂያ፦ የምግቡ ጤና ስትወድቁ ይጠፋል። ከወደቃችሁ በኋላ ኤንሸንት ፖሽን ወይም ማክስ ፖሽን ጠጥታችሁ ጤናውን ወደ ሙሉ መልሱት፣ ወይም ካምፕ ውስጥ እንደገና ብሉ። ብዙ ሰው ሁለተኛ የሚወድቀው መጀመሪያ በወደቀ በደቂቃ ውስጥ ነው፤ ምክንያቱም በአጭር ጤና ተጣድፎ ይመለሳል።

ደረጃ 4፦ ክላች ክሎውን እንደ ልምድ አድርጉት

ከላይ ያለው ሂሳብ ሁሉ የሚሠራው ቦታው ሲቆስል ነው። ሳታቆስሉ የምትመቱ ከሆነ ከዊክነስ ኤክስፕሎይት ላይ 20 በመቶ ወድቋል፣ ቆዳውም ጠንካራ ነው።

ግሬት ሶርድ፣ ሀመርና መሰል ከባድ መሣሪያዎች በአንድ የክሎው ምት ያቆስላሉ። ሎንግ ሶርድ፣ ዱዋል ብሌድስ፣ ቦውና መሰል ቀላል መሣሪያዎች ሁለት ጊዜ ይፈልጋሉ፤ በምትኩ የስሊንገር (ክንዳችሁ ላይ ያለው ወንጭፍ) ጥይት ያስጥላሉ። ሼቨር ጁዌል ካገኛችሁ ቀላሉም በአንድ ያቆስላል። ቀላል መሣሪያ የያዘ ሰው ያቺን ጁዌል ካገኘ ሳያስብ ያስገባት።

መቼ ነው የሚጣበቁት? ናርጋኩጋን እንውሰድ። ጅራቱን ወደ ላይ አንሥቶ መሬቱን በኃይል ሲያላትመው ለአጭር ጊዜ ባለበት ይቀራል። ጅራቱ የወደቀበት መስመር ላይ አትቁሙ፣ በጎን ሁኑ። ጅራቱ መሬት እንደነካ ክሎውን ወደ ፊቱ ወርውሩ፣ ተጣበቁ፣ ምቱን አሳርፉ። ራሱን ሳያዞር ጨርሳችሁ ወርዳችኋል። እንዲህ ያለ የድካም ቅጽበት የሌለው አውሬ የለም። አንዱ ትልቅ ምት ከጨረሰ በኋላ ይዘገያል፣ ሌላው ሲደክም ለሃጩን እያዝረከረከ ይቆማል፣ ሌላው ግድግዳ ይመታል። እያጠቃ ባለበት ሰዓት መጣበቅ ግን ተወርውሮ መውደቅን ያመጣል።

ግድግዳ ካልኩ አይቀር። አውሬው ሳይቆጣ ጭንቅላቱ ላይ ተጣብቃችሁ ወደ ግድግዳ አዙሩትና የስሊንገር ጥይታችሁን ሁሉ በአንዴ ተኩሱበት። ሮጦ ይጋጫል፣ ይወድቃል፣ ከፍ ያለ ጉዳት ይደርስበታል፣ ለመምታት ሰፊ ጊዜ ታገኛላችሁ። ከተቆጣ አይሰራም። ስለዚህ አደኑ እንደጀመረ፣ ገና ሳይቆጣ፣ ይህን ቅድሚያ ስጡት። ስሊንገሩ ባዶ ከሆነ ምንም አይተኮስምና ወደ አውሬው ስትሄዱ መንገድ ላይ ያለውን ድንጋይ ልቀሙ።

ደረጃ 5፦ ጋይዲንግ ላንድስ

እዚህ የጊዜ ገደብ የለም፣ አውሬዎች ተራ በተራ ይመጣሉ። ስድስት ክልሎች አሉ፦ ጫካ፣ በረሃማው ዋይልድስፓየር፣ ኮራል፣ የበሰበሰው ሸለቆ፣ እሳተ ገሞራና በረዶ። እያንዳንዱ እስከ ደረጃ 7 ያድጋል። የትኛው አውሬ እንደሚመጣ የሚወስነው የክልሉ ደረጃ ነው።

ሰው የሚሳሳተው እዚህ ገብቶ ያገኘውን ሁሉ ሲመታ ነው። መጀመሪያ ወደ አንጥረኛው ሄዳችሁ የመሣሪያችሁን ማሻሻያ ክፈቱና የትኛውን ቁሳቁስ እንደሚጠይቅ እዩ። ከዚያ ያ ቁሳቁስ ከየትኛው ክልል፣ ከየትኛው አውሬ እንደሚወጣ አረጋግጡ። ያንን ክልል ብቻ አሳድጉ። ዱካ ስትሰበስቡና የአውሬውን አካል ስትሰብሩ በኋላ ያንኑ አውሬ መጥራት የምትችሉበት ዕድል ይጠራቀማል። አንድ አውሬ በዕድል እስኪመጣ አንድ ሰዓት መጠበቅና በሁለት ደቂቃ ጠርቶ ማምጣት አንድ አይደሉም።

በመንገዳችሁ የሚያብረቀርቀውን ማዕድንና የአጥንት ክምር አትለፉት። ከሱ የሚገኘውም በማሻሻያው ዝርዝር ውስጥ አለ፣ በመጨረሻ ሰዓት አንድ አጥንት ጎድሎ መመለስ ያናድዳል።

የራንኩ ቁጥር 49፣ 69 እና 99 ላይ ይቆማል። ተበላሸብኝ ብላችሁ አትደንግጡ። እያንዳንዱ ላይ አንድ ተልእኮ ይመጣላችኋል፣ እሱን ስታልፉ ይከፈታል። ሌላ ትርጉም የለውም።

ደረጃ 6፦ ማሻሻያ፣ መጀመሪያ ጤና

መሣሪያን ስታሻሽሉ ከሚቀርቡላችሁ ውስጥ ጥቃት፣ አፊኒቲ፣ ቀዳዳ፣ ጤና መመለሻና ኤለመንት (እሳት፣ በረዶ የመሳሰለው ባሕርይ) ይገኙበታል። የመጀመሪያው ጤና መመለሻ ይሁን። ስትመቱ ካደረሳችሁት ጉዳት ትንሽ ትንሹ ወደ ጤናችሁ ይመለሳል። ጥቅሙን የምታዩት ሜዳ ላይ ነው፦ ፖሽን ለመጠጣት የምትቆሙበት ሰዓት ወደ ምት ይለወጣል፣ አጫጭር ጭረቶች ራሳቸው ይድናሉ፣ ቦርሳችሁም ለከባዱ ሰዓት ይቀመጣል። ሁለተኛው አፊኒቲ ነው፣ ከላይ ለሠራነው ሂሳብ። የመጀመሪያው የአፊኒቲ ደረጃ 10 በመቶ ሲሆን ቀጣዩ 5 ብቻ ስለሚጨምር ሁለተኛውን ለማግኘት አትቸኩሉ።

ዝቅ ያለ ሬሪቲ (የብርቅነት ደረጃ) ያለው መሣሪያ ብዙ የማሻሻያ ቦታ አለው፣ ቁሳቁሱም በቀላሉ ይገኛል። ሬሪቲ 12 ጠባብ ነው፣ የሚጠይቀውም ከከባድ አውሬ ነው። ስለዚህ ሬሪቲ 10 የሆነ ጥሩ መሣሪያ ይዞ ሙሉ በሙሉ ማሻሻል ባዶውን ሬሪቲ 12 ይዞ ከመንከራተት ይሻላል።

ደረጃ 7፦ ጁዌሎች

ይህ ዕድል ነው፣ አልዋሻችሁም። ግን ዕድሉን ማብዛት ይቻላል። ቴምፐርድ (ከተራው የበረቱ) የሆኑ የማስተር ራንክ አውሬዎችን ማደን ጁዌል የሚሆን የተሻለ ድንጋይ ይሰጣል። የማትፈልጉትን ወደ ኤልደር ሜልደር (ጁዌል አቅልጣ ሌላ የምትሠራው ባለሙያ) ወስዳችሁ አቅልጡ። በአዳኞቹ ሰፈር በሴሊያና ውስጥ ያለውን ስቲምዎርክስ (የእንፋሎት ማሽን) ደግሞ ነዳጅ በሞላ ቁጥር አሽከርክሩት፣ ከሱ የሚወጡት ቲኬቶችና ፕሪንቶች ሌላ ቦታ ብዙ ሰዓት የሚፈጁ ነገሮችን ይገዛሉ።

መጠኑ 4 የሆነ ቀዳዳ ላይ ሁለት ስኪል የያዘ ጁዌል ከመጣላችሁ፣ አንዱ ስኪል ሄልዝ ቡስት ከሆነ በምንም ዋጋ አታቅልጡት። ብዙ ሰው «ሌላኛው ስኪል አይጠቅመኝም» ብሎ ያቀልጠዋል፣ ከዚያ ሌላ ቢልድ ሲሠራ ይፈልገዋል።

እዚህ ቆም በሉ፦ በተደጋጋሚ የማያቸው ስህተቶች

የማያዘልቅ መሣሪያ ላይ ውድ ቁሳቁስ መጨረስ። በደረጃ 8 የሚመጣውን የሳፊጂቫን መሣሪያ ሳምንት ቆይታችሁ ልትይዙ ከሆነ ዛሬ ያለውን በጤና መመለሻ ብቻ አቁሙት።

ሳይበሉ መግባት። ከጤናው ሌላ የፌላይን ስኪል (ከምግብ የሚገኝ ችሎታ) ይቀርባችኋል። ፌላይን ኢንሹራንስ አንድ ተጨማሪ መውደቅ ይፈቅዳል፤ ፌላይን ሞክሲ አንድ ጊዜ ከሚገድል ምት ያተርፋል።

ሦስት ሰው ሆኖ መዋጋት። የአውሬው ጤና ለአንድ፣ ለሁለት እና ለሦስትና አራት ሰው ተብሎ ነው የሚመዘነው። ሦስት ስትሆኑ የአራት ሰው አውሬ ነው የምትገጥሙት። ወይ አራተኛ ሰው ጥሩ፣ ወይ ሁለት ሁኑ። ሰው ጥሎ ሲወጣ ጤናው ተመልሶ ስለሚቀንስ ያኔ አትደንግጡ።

ትጥቅን አለማጠናከር። የተጠራቀመውን የአርመር ስፊር (ትጥቅ ማጠናከሪያ ድንጋይ) «ለተሻለው ትጥቅ ላቆየው» እያሉ ማስቀመጥ ከንቱ ነው፣ ስፊሩ ሞልቶ የሚፈስ ነገር ነው። አሁን ለለበሳችሁት አውሉት።

ደረጃ 8፦ ሳፊጂቫ

ይህ ብዙ አዳኞች በአንድ ላይ የሚሳተፉበት ትልቅ አደን ነው። የምትፈልጉት መሣሪያውን ነው። የሳፊ መሣሪያ አምስት የሚነቁ ችሎታዎችን ይይዛል፤ ጥቃት፣ አፊኒቲ፣ ስለት፣ ኤለመንት በፈለጋችሁት መልክ ትሞሉታላችሁ፣ ወይም የሌላ አውሬ ትጥቅ ጥቅም የሚሰጥ ኤሰንስ ታስገቡበታላችሁ። የቴዮስትራ ኤሰንስ ለምሳሌ ትጥቁ የሚሰጠውን ወደ መሣሪያው ያመጣላችኋል። የሳፊ ትጥቅ ደግሞ መሣሪያ ይዛችሁ ስትመቱ ጤናችሁን እየነካ አፊኒቲና ኤለመንት ይጨምራል፤ የጤና መመለሻ ማሻሻያውን ቀድማችሁ ያስገባችሁት እዚህ ላይ ይከፍላችኋል።

ማስጠንቀቂያ፦ ሳፊ ወደ ላይ ተነሥቶ ሰማያዊውን ነበልባል ሲያዘጋጅ ምታችሁን ተዉት። ከድንጋይ ጀርባ ግቡ። አንድ ምት ልጨምር ያለ ሰው ይወድቃል። አካሉን መስበር ብዙ ሽልማት ስለሚያመጣ ቡድኑ ሁሉ አንድ ቦታ ላይ ባይረባረብ ጥሩ ነው።

ደረጃ 9፦ አላትሬዮን

ያላችሁን የጥቃት ቢልድ አስቀምጡት። አላትሬዮን ባሕርዩን የሚቀያይር ዘንዶ ነው፤ የሚጠይቀውም ኤለመንት ነው።

እኔ መጀመሪያ የገባሁት በለመድኩት ሎንግ ሶርድ ነው፤ ኤለመንት የሚባል ነገር አልነበረውም። ጥሩ እየመታን ነበር፣ አልወደቅንም። ከዚያ አላትሬዮን ወደ ላይ ተነሣና ኢስካቶን ጀጅመንት የተባለውን ትልቁን ጥቃቱን ለቀቀው። ጤናዬ እንደ ውኃ መውረድ ጀመረ። ፖሽን ጠጣሁ፣ ማክስ ፖሽን ጠጣሁ፣ ከምጠጣው የሚወርደው ይፈጥናል። አራታችንም ወደቅን። ጥፋቱ የተፈጸመው ከአምስት ደቂቃ በፊት፣ መሣሪያ ስመርጥ ነው።

አሠራሩ እንዲህ ነው። አላትሬዮን በእሳት ባሕርይ ላይ ሲሆን በረዶ በጣም ይጎዳዋል፣ ከበረዶ ቀጥሎ ውኃ። በበረዶ ባሕርይ ላይ ሲሆን እሳት፣ ቀጥሎ መብረቅ። በቂ ኤለመንት ሲያርፍበት ይወድቃል፣ ኃይሉ መዳከሙን የሚገልጽ መልእክት ስክሪኑ ላይ ይወጣል። ያ መልእክት ከመጣ ኢስካቶን በሕይወት የሚታለፍ ይሆናል፦ ጀርኪ፣ ፖሽን፣ ማክስ ፖሽን እያከታተላችሁ ትችሉታላችሁ። ካልመጣ አይታለፍም። ሮጦ ማምለጥም የለም።

ስለዚህ፦

1. ተልእኮው በየትኛው ባሕርይ እንደሚጀምር እዩ። በእሳት ከጀመረ የበረዶ መሣሪያ ያዙ። የቬልካና (የበረዶ ዘንዶ) መሣሪያ ለመጀመሪያ ጥሩ ነው፣ የሳፊ የበረዶው ካላችሁ እሱን።
2. ጌጡን ሁሉ ለኤለመንቱ አውሉት፣ የበረዶ ጥቃት ስኪልን እስከ ደረጃ 6። ሲልቨር ራታሎስን ጋይዲንግ ላንድስ ውስጥ አግኝታችሁ ከሆነ አራት ቁራጩ ክሪቲካል ምት ላይ ኤለመንቱን ያጎላዋል።
3. ብዙ የሚመታ መሣሪያ ምረጡ። ዱዋል ብሌድስና ቦው ለዚህ የተሠሩ ናቸው ማለት ይቻላል። በግሬት ሶርድና በሀመር ይቻላል፣ ግን ትታገላላችሁ።
4. ቀንዱን ስበሩ። ወደ ሌላው ባሕርይ እንዳይለወጥ የሚያደርገው ያ ነው። ተለውጦ በረዶ ከሆነ በእጃችሁ ያለው የበረዶ መሣሪያ ዋጋ ያጣል፣ ሁለተኛው ኢስካቶን ደግሞ ይመጣል።

ደረጃ 10፦ ፋታሊስ

የአላትሬዮንን ተልእኮ ሳታልፉ ይህ የመጨረሻው ዘንዶ አይመጣም። 30 ደቂቃ ብቻ አላችሁ፣ ይህ ነው ከሌላው የሚለየው። 200 ጤና ያስፈልጋል፣ የመጀመሪያው ቢልዳችሁም ተመልሶ ይመጣል፦ ጥቃት፣ አፊኒቲ፣ ሙሉ።

ሲጀመር ወደ ካኖኖቹና ወደ ባሊስታው ሂዱ። ባይንደሩ (ማሰሪያ ጥይቱ) ያስረዋል፣ ታስሮ ሳለ ካኖኑ በሙሉ ይራገፍበት። ከዚያ ወደ ጭንቅላቱ። ጭንቅላቱ ሁለት ጊዜ ይሰበራል፣ በተሰበረ ቁጥር እሳቱ ይዳከማል። ሁለቱንም ሳትሰብሩ ወደ መጨረሻው ክፍል ከደረሳችሁ የሚመጣው ነበልባል ከትጥቃችሁ በላይ ነው። ጊዜያችሁን ከምታውሉበት ነገር ሁሉ ይህ ይቀድማል።

ቀጥ ብሎ በሁለት እግሩ ቆሞ አንገቱን ወደ ኋላ ስቦ ሲነሣ ተመልከቱት። ከዚያ የሚመጣው ከፊቱ የሚዘረጋ የእሳት ማራገቢያ ነው። ከፊቱ ራቅ ብሎ የቆመ ሰው መሐል ላይ ነው፣ ሽሽቱም አይበቃውም። ወደ እግሩ ሩጡ። ሆዱ ስርና ከኋላው እሳቱ አይደርስም፣ እግሩን እየመታችሁም ትጠብቃላችሁ። ይህን አንድ ነገር የለመደ ሰው ግማሹን የመውደቅ ምክንያት አጥፍቷል።

ውጊያው ወደ ቀጣዩ ክፍል ሲሻገር ሜዳውን በሙሉ ያነዳል። ወደ መከላከያው ጀርባ ግቡ፣ ወጥታችሁ አትሞክሩ። ድራጎኔተሩን (ግዙፉን የሜዳውን መሣሪያ) ደግሞ ለመጨረሻ ብላችሁ አታስቀሩት፣ ፋታሊስ ከመሣሪያው ፊት እንደቆመ ተጠቀሙበት፤ ሳይተኮስ ውጊያው ሲያልቅ ብዙ ጊዜ አይቻለሁ።

ማስጠንቀቂያ፦ እሳት ሲይዛችሁ ነልቤሪ ብሉ ወይም ደጋግማችሁ ተንከባለሉ። ትንሽ ትንሽ የሚወርደው ጤና ከሚቀጥለው ምት ጋር ሲደመር ነው የሚጥላችሁ።

ሲወድቅ የሚሰጠው ቁሳቁስ ለመሣሪያም ለትጥቅም ይበቃኛል አትበሉ፣ የክፉው ዓይን የሚባለው ቁሳቁስ በቀላሉ አይወጣም። የመጀመሪያዋን ለመሣሪያው አውሏት። የፋታሊስ መሣሪያ የሚቀጥሉትን ፋታሊሶች ጊዜ ስለሚያሳጥር ለትጥቁ የሚያስፈልገው ቶሎ ይሞላል። ትጥቁን ስትጀምሩ ደግሞ ሁለት ቁራጭ ይቅደም፣ ሴክሬት የሚባሉትን ስኪሎች ጣሪያ የሚከፍተው እሱ ነው፤ አራቱ ከተሟሉ በኋላ ጤናና ስታሚና ከመጀመሪያው ሰከንድ ሙሉ ሆነው ትገባላችሁ።